ዲስኬ ተበላሽቶ ነው ወይስ ፊልሙ ራሱ እንደዚህ ነው? (ታድሶ የወጣው የ«ፓተር ፓንቻሊ» ብሉሬይ)

መክፈቻ

ሰላም ለሁላችሁ። አንድ ጥያቄ ይዤ መጥቻለሁ። የሕንዳዊውን ዳይሬክተር የሳትያጂት ራይን «ፓተር ፓንቻሊ» ታድሶ በወጣው ብሉሬይ አየሁት። ፊልሙን ከዚህ በፊት የማውቀው በካሴት ነው። እሱም ከሌላ ካሴት የተቀዳ፣ ያኛውም ከሌላ የተቀዳ። ጥቁሩ ሁሉ ግራጫ ሆኖ፣ ፊት እንኳ በቅጡ አይለይም ነበር። ያኔም አልቅሼበታለሁ። አሁን ግን ሌላ ፊልም ያየሁ ነው የመሰለኝ።

አንዷን ቦታ ልንገራችሁ። የፊልሙ ዋና ልጅ አፑ ለመጀመሪያ ጊዜ ልጅ ሆኖ የሚታይባትን። ተሸፋፍኖ ተኝቷል። እህቱ ዱርጋ ልትቀሰቅሰው ትመጣለች። የለበሰው ጨርቅ ቀዳዳ አለው። በቀዳዳው በኩል የዓይኑን ቆብ በጣቷ ትገልጠዋለች። ከዚያ ጨርቅ ውስጥ አንድ ዓይን ብቻ ብቅ ይላል፤ ትልቅ፣ ገና ያልነቃ ዓይን። በካሴቱ ላይ ይሄ ዓይን ጥቁር ነጠብጣብ ነበር። አሁን ሽፋሽፍቱ ይለያል። የጨርቁ ክር ሳይቀር ይታያል። መልሼ መላልሼ አየኋት።

ችግሬ ግን ይሄ ነው። ሰማይ ወይም ባዶ ግድግዳ በሚታይበት ቦታ ሁሉ እንደ ደቃቅ አሸዋ የሚርመሰመስ ነገር አለ። ደግሞ አንዳንዱ ቦታ ቁልጭ ያለ ነው፣ ሌላው ጋ ሲደርስ ምስሉ ለስለስ ይልና አሸዋው ይበረክታል። ዲስኬ ነው? ቴሌቪዥኔ ነው? ታድሷል ከተባለስ ለምን ሁሉም አንድ ዓይነት አልሆነም?

ጥያቄዬ ይሄ ነበር። መልሱ አርባ ደረሰ። ዘግይቶ የሚመጣ ሰው ሁሉንም ለማንበብ ስለሚቸገር፣ ማን ምን እንዳለ በተራ ቁጥሩ በራሴ ቃል አስቀምጫለሁ።

መልስ 1

ጨዋ ሰው ነው። ዲስኬ ምንም እንዳልሆነ ነገረኝና መጀመሪያ የቴሌቪዥኔን ማስተካከያ እንዳይ መከረኝ። ብዙ ቴሌቪዥን ከካርቶኑ ሲወጣ ሻርፕነሱ ከልክ በላይ ከፍ ብሎ ነው የሚመጣው። እሱ ደግሞ የሌለ ጠርዝ እየፈጠረ ጥቃቅኑን ነገር ሁሉ ያጎላዋል። እሱን ዝቅ እንዳደርግ፣ ሞሽን ስሙዚንግ የሚባለውንም (እንቅስቃሴውን ለማለስለስ የሌለ ፍሬም የሚጨምረውን) እንዳጠፋ ነገረኝ። እንዳለኝ አደረግኩ። አሸዋው ቀነሰ። ግን አልጠፋም።

መልስ 2

ይሄኛው ችኩል ነው። ጽሑፌን እስከ መጨረሻው ያነበበ አልመሰለኝም። ዋና ብሉሬይ እንደ መስታወት የጠራ ስለሆነ የእኔ ፎርጅድ መሆን እንዳለበት፣ ሳልውል ሳላድር እንድመልሰው አዘዘኝ። ከሥር ሰዎች አርመውታል። ተመልሶ አልመጣም።

መልስ 3

ብዙ ካስተማሩኝ አንዱ ናቸው። በወጣትነታቸው ሲኒማ ቤት ውስጥ ፊልም አጫዋች ነበሩ። ከዚህ መልስ በኋላ ሁሉም ጋሼ ነው የሚላቸው፣ እኔም እንደዚያው።

አሸዋ ያልኩት ነገር ራሱ ፊልሙ እንደሆነ አስረዱኝ። ጥቁርና ነጭ ፊልም ላይ ያለው ምስል የተሠራው ከብር ቅንጣት ነው። ብርሃን ያረፈበት የብር ጨው በማጠቢያው ኬሚካል ውስጥ ወደ ጥቁር የብር ቅንጣት ይለወጣል። የዱርጋ ፊትም፣ ዛፉም፣ ዝናቡም ከዚያ ቅንጣት ነው የተሠራው። ግሬን የሚባለው እሱ ነው። ቅንጣቱ በየፍሬሙ ሌላ ሌላ ቦታ ላይ ስለሚያርፍ፣ በሴኮንድ 24 ፍሬም ሲያልፍ የሚርመሰመስ ይመስላል። ሰማይ ላይ ጎልቶ የሚታየው ሰማይ ባዶ ስለሆነ ነው እንጂ ፊታቸውም ላይ አለ። እሱን አጥፋ ማለት ምስሉ ራሱ ከተሠራበት ነገር ላይ ቀንስ ማለት ነው።

በካሴት ለምን እንዳላየሁትም ነገሩኝ። ካሴት በአግድም የሚለየው ወደ 240 መስመር ብቻ ነው። ብሉሬይ 1,920 በ1,080 ነጥብ ይይዛል። ካሴቱ ቅንጣቱን ሊያሳይ ቀርቶ የልጁን ሽፋሽፍትም መያዝ አልቻለም። ሁለቱ አብረው ጠፍተው ነበር፣ አሁን አብረው መጡ።

ከዚያ ከራሳቸው ትዝታ አንድ ነገር ጨመሩ። አንድ ቀን ለብዙ ዓመት ያልተነካ የፊልም ቆርቆሮ ሲከፍቱ ኮምጣጤ ኮምጣጤ ሸተታቸው። አሲቴት ፊልም ሲበሰብስ የሚያወጣው ሽታ ነው። ውስጡ ያለው ሪል ተኮማትሮ፣ ጫፉ እንደ ደረቀ ቅጠል ተጠቅልሎ ነበር። ማጫወቻው ላይ ሊያስገቡት አልቻሉም። ርዕሱን ብቻ አንብበው መልሰው ዘጉት።

መልስ 4

ለሁለተኛው ጥያቄዬ መልስ ያመጣችው ይቺ ናት። እውነቱን ለመናገር ይሄን ታሪክ አላውቅም ነበር፤ ሳነበው እጄ ቀዘቀዘ።

በ1992 (በፈረንጆቹ) ራይ የክብር ኦስካር ሲሰጠው ታሞ ነበር። ሽልማቱን የተቀበለው ካልካታ ሆስፒታል ውስጥ፣ አልጋው ላይ ሆኖ ነው። ከሥነ ሥርዓቱ በኋላ ወር ሳይሞላ ሚያዝያ ውስጥ አረፈ። ለዚያ ዝግጅት ከፊልሞቹ የሚታይ ነገር ሲፈለግ ደህና ቅጂ ማግኘት ከባድ ሆነ። እነዚህን ፊልሞች የማዳን ሥራ የተጀመረው ከዚያ ነው። ግን በዓመቱ፣ ሐምሌ 1993፣ ኔጋቲቮቹ (ካሜራው ውስጥ ያለፈው ዋናው ፊልም) ለንደን ውስጥ ባለ አንድ ላቦራቶሪ ሳሉ እሳት ተነሳ። ቦታው ናይትሬት ፊልም ነበረበት። ናይትሬት ሲነድ ኦክስጅኑን ራሱ ያወጣል፤ ውኃ ውስጥ ብትከተው እንኳ መንደዱን አያቆምም። የራይ ፊልሞች ኔጋቲቭ በዚያ እሳት ተቃጠለ።

እዚህ ላይ ነው የሚገርመው። ከእሳቱ የተረፈውን ቁርጥራጭ ማንም አልጣለውም። አመዱም፣ ግማሹ የነደደው ሪልም፣ ቆርቆሮው ውስጥ የተጣበቀውም ተሰብስቦ ወደ አሜሪካው የኦስካር አካዳሚ የፊልም ማኅደር ሄደ። ያኔ ሊጠግነው የሚችል ዘዴ አልነበረም። ቢሆንም አስቀመጡት። ሃያ ዓመት ተቀመጠ። በ2013 ክራይቴሪየን የተባለው የፊልም አሳታሚና አካዳሚው እንደገና ከፈቱት፣ ቦሎኛ ወዳለው ሊማጂኔ ሪትሮቫታ የተባለ የፊልም ማደሻም ላኩት። እዚያ ደርቆ እንደ ብስኩት የሚሰባበረውን ፊልም በኬሚካል አርሰው አለዘቡት። የቀለጠውን የጎን ቀዳዳ አንድ በአንድ በእጅ ሠሩት። የድሮ ማጣበቂያውን ሙጫና ሰም ጠረጉት። የእጁ ሥራ ብቻ 1,000 ሰዓት ገደማ ፈጀ። ከዚያ በ4ኬ ስካን ተደረገ፣ በ2015 ብሉሬዩ ወጣ።

መልስ 5

ለአራተኛዋ እርማት ነው፣ በጨዋ ደንብ። ሦስቱም የአፑ ፊልሞች እኩል ጉዳት እንደደረሰባቸው የሚያስመስል አጻጻፍ ስለነበራት ነው። ከእሳቱ በተረፈው ኔጋቲቭ የተሠራው የ«ፓተር ፓንቻሊ» 40 በመቶ ነው። የሁለተኛው፣ የ«አፓራጂቶ»፣ ከ60 በመቶ በላይ ነው። የሦስተኛው የ«አፑር ሳንሳር» ግን ምንም ሊሆን አልቻለም፤ የተረፈው ሪል ሁሉ ከጥቅም ውጪ ነበር። የጎደለውን ከሌላ ቦታ ነው የሞሉት። ከአካዳሚው፣ ከሃርቫርድ የፊልም ማኅደርና ከብሪታንያው የፊልም ተቋም የተገኘ ፋይን ግሬን ማስተርና ዱፕ ኔጋቲቭ የሚባሉ፣ ከዋናው የተቀዱ ቅጂዎች ተጠቅመዋል።

ሂሳብም ሠራልን። ፊልሙ 125 ደቂቃ ገደማ ነው። በሴኮንድ 24 ፍሬም ሲባዛ ወደ 180,000 ፍሬም ይመጣል። ከዚያ 40 በመቶው 72,000 ነው። ይሄን ያህል ፍሬም ከእሳት ወጥቶ ነው ቤታችን የገባው።

መልስ 6

የእኔ ነው። አመሰገንኩ። ያንን ልስላሴ ጉድለት ብዬ በመጥራቴ እንዳዘንኩም ጻፍኩ።

መልስ 7

ክሩ (ይሄ ውይይት) መክረር የጀመረው እዚህ ጋ ነው። ይሄ ሰው 60 በመቶው ከዋናው ኔጋቲቭ ያልመጣ ፊልም ታደሰ መባል የለበትም ባይ ነው። ገዢ የሚከፍለው ለምስል ጥራት ነው እንጂ ለአሳዛኝ ታሪክ አይደለም አለ። እዚህ ያለነውን ሁሉ በእሳቱ ወሬ ዓይናችን የተጋረደ ሰዎች አድርጎ ነው ያየን። ቃሉ ጠንካራ ነበር። ጥያቄው ግን ባዶ አልነበረም፣ የሚቀጥለው መልስ የመጣውም በእሱ ምክንያት ነው።

መልስ 8

ሳይቆጣ መለሰለት። የፊልም ቅጂ እንዴት እንደሚወለድ ቀላል አድርጎ አስቀመጠው። ካሜራው ውስጥ ያለፈው ኔጋቲቭ አንድ ብቻ ነው። ከሱ ፋይን ግሬን የሚባል ፖዘቲቭ ይታተማል፤ ስሙ እንደሚለው ቅንጣቱ በጣም ደቃቅ በሆነ ፊልም ላይ። ከዚያ ፖዘቲቭ ዱፕ ኔጋቲቭ ይወጣል። ከዱፑ ለሲኒማ ቤት የሚላከው ኮፒ ይታተማል። በየደረጃው ትንሽ ትንሽ ይጠፋል፣ የቀጣዩ ፊልም ቅንጣትም በላዩ ይደረባል። አንዱ ቦታ ቁልጭ ብሎ ሌላው የሚለሰልሰው ለዚህ ነው፤ ከእናትየውና ከልጅ ልጇ የተወሰደ ምስል ጎን ለጎን ተቀምጦ እያየሽ ነው አለኝ።

ሁሉንም እኩል ማድረግ ይችሉ ነበር። የሚቻለው ግን ጥሩውን ወደ ደካማው በማውረድ ብቻ ነው። ይሄን ሲጽፍ ሰባተኛው እንኳ ዝም አለ።

መልስ 9

ጭረትን በተመለከተ አጭር ማብራሪያ። ጭረትና አቧራ የፊልሙ አካል ስላልሆነ ይነሳል። አንዱ ዘዴ ፊልሙን ፈሳሽ ውስጥ እያሳለፉ ስካን ማድረግ ነው። ፈሳሹ የጭረቱን ስንጥቅ ይሞላዋል፣ ብርሃኑም እንደ ደህናው ፊልም ቀጥ ብሎ ያልፋል። የቀረው በኮምፒውተር ፍሬም በፍሬም ይታረማል።

መልስ 10፣ 11 እና 12

አንድ ሰው መጥቶ የእሱ ዲስክ ደግሞ የድምፅ ችግር እንዳለበት ተናገረ። እናትየዋ ሳርቦጃያ እሪ ብላ በምታለቅስበት ቦታ ድምጿ አይሰማም፤ አፏ ይከፈታል፣ የሚሰማው ግን ሙዚቃ ነው። ትራኩ ተዘሎ እንደሆነ ጠየቀ።

11ኛው የእሱም ዲስክ እንደዚያ መሆኑን አረጋገጠለት። ሁለቱም ሊመልሱት ተስማሙ። እንደ እድል 12ኛዋ ደረሰች። ያ ቦታ ሆን ተብሎ የተሠራ ነው። ራይ የለቅሶውን ድምፅ አውጥቶ በምትኩ ታር ሸህናይ የሚባል መሣሪያ ከፍ ባለው ድምፁ እንዲጮህ አደረገ። በ1955ም ሲኒማ ቤት የገባው ሰው የሰማው ይሄንኑ ነው።

እኔ በዚህ መልስ ላይ ብዙ ቆየሁ። ካሴቱ ላይ ስሰማው ድምፁ ሁሉ ስለሚንሿሿ ለቅሶውና ሙዚቃው ተቀላቅሎ የምሰማ ይመስለኝ ነበር። አሁን ጀርባው ጸጥ ሲል ነው የሷ ድምፅ አለመኖሩን ያወቅኩት።

መልስ 13

ስድስት ስፒከር ያለው ሰው ነው። ድምፁ ከመሃለኛው ብቻ እንደሚመጣ፣ ሌሎቹ አምስቱ ሥራ ፈተው እንደሚቀመጡ አማረረ።

መልስ 14

ፊልሙ ሞኖ (ድምፁ በአንድ መስመር ብቻ የተቀረጸ) ስለሆነ ሞኖ ነው የሚመጣው ተባለ። ትንሽ ሻከር ያለ መልስ ነበር፤ ሰውየው ባለማወቅ ነው የጠየቀው፣ መወረፍ አልነበረበትም።

መልስ 15

ሙዚቀኛ ነው። ከርዕሱ ወጣ ያለ ቢሆንም ደስ ብሎኝ ነው ያነበብኩት። የፊልሙን ሙዚቃ የሠራውን የራቪ ሻንካርን ሲታር ለረጅም ዓመት ከአንድ የአውሮፓ ካሴት ላይ እየሰማ ሊጫወተው ይሞክር ነበር። ታድሶ የወጣውን ሲያይ ቅኝቱ ወርዶ አገኘው። ግራ ገባው። ኋላ ነው የገባው፣ የተሳሳተው የድሮው ካሴት ነበር። የአውሮፓው ፓል ሲስተም በሴኮንድ 25 ፍሬም ስለሚያሳይ፣ በ24 የተቀረጸ ፊልም በ4 በመቶ ገደማ ይፈጥናል። 125 ደቂቃው 120 ይሆናል። ድምፁም አብሮ ይቀጥናል። ስንት ዓመት ሙሉ ራቪ ሻንካር ካልተጫወተው ቅኝት ጋር ሲታገል ኖሯል። ብሉሬይ ግን በ24 ስለሚጫወት አሁን ከዋናው ጋር ጎን ለጎን መጫወት ችሏል።

መልስ 16 እስከ 19

ጭቅጭቅ ነው። 16ኛው ስለ አንዲት የአንገት ጌጥ ሲጽፍ የፊልሙን መጨረሻ ተናገረ። 17ኛዋ ገና ስላላየችው ከልቧ ተናደደች። 18ኛው ከ1955 ጀምሮ ያለ ፊልም ምስጢር የለውም ብሎ ተከራከረ። ለእኔ ትክክሏ እሷ ናት። ፊልሙ ታድሶ የሚወጣው እኮ ገና ላላየው ሰው ጭምር ነው። 19ኛው ላይ 16ኛው ይቅርታ ጠይቆ ጽሑፉን አስተካከለ።

መልስ 20

ወጣት ልጅ ነው፣ ሲጽፍ ደስታው ይታያል። ዲስኩን ኮምፒውተሩ ላይ ገልብጦ በአርቴፊሻል ኢንተለጀንስ ፕሮግራም እንዳሳለፈው ነገረን። ቅንጣቱን ሙልጭ አድርጎ አጥፍቶታል። ቀለም ቀብቶታል። በሴኮንድ 60 ፍሬም አድርጎታል። ናሙናም አስቀመጠ። ሁሉም ሰው እንደዚህ ማየት እንዳለበት አሰበ።

መልስ 21

ጋሼ ናቸው። ልፋቱን አደነቁ፣ ከዚያም በቀስታ አንድ ነገር ጠየቁት። ከ24ቱ ፍሬም ወደ 60 ለመድረስ የተጨመረውን 36 ማን አነሳው? ከካሜራው ፊት እንዲህ ያለ ቅጽበት አልነበረም። ኮምፒውተሩ ገምቶ ነው የሣለው።

መልስ 22

ይቺኛዋ አልራራችለትም። ናሙናውን ከፍታ አክስት ኢንዲርን የተጫወተችውን ቹኒባላ ዴቪን አየች። ሰማንያ ዓመት ገደማ የሆናት ሴት ናት፤ ፊልሙ ለሕዝብ ሳይታይ ነው ያረፈችው። ፊቷ ላይ ያለው እያንዳንዱ መጨማደድ የሚናገረው ነገር አለው። የልጁ ፕሮግራም መጨማደዱን ከግሬኑ ጋር አንድ ላይ ጠራርጎ አውጥቶታል። ጉንጯ እንደ ሰም ያንጸባርቃል። ይሄን ያደረገ ሰው ፊልሙን አይቼዋለሁ ማለት እንደማይችል ጻፈችለት።

እኔም ናሙናውን ከዲስኩ ጋር አስተያየሁት። በዲስኩ ላይ አሮጊቷ ስትስቅ ከዓይኗ ጥግ ተነስቶ እስከ አገጯ የሚወርድ መስመር አለ። በልጁ ቅጂ መስመሩ የለም። አንገቷ ላይ ግን ቀርቷል። አንገቷ የአሮጊት፣ ፊቷ የአሻንጉሊት ሆኗል። ልቤ ተነካ።

መልስ 23

ልጁ ተቆጣ። እዚህ ያሉት ሁሉ አዲስ ነገር የሚጠሉ ናቸው አለ። እኩዮቹ ጥቁርና ነጭ ፊልም አሥር ደቂቃ እንኳ እንደማያዩ፣ እሱ ግን ሊያሳያቸው እንደሞከረ ተናገረ። የመጨረሻዋ ነጥብ እውነት አላት፤ ማንም መልስ ሳይሰጣት መታለፏ አሳዝኖኛል።

መልስ 24

ይሄ ጥፋት የእሱ ብቻ እንዳልሆነ የሚያስታውስ ነው። ሙያተኞችም ሠርተውታል። በ1987 የተሠራው «ፕሬዳተር» በ2010 በብሉሬይ ድጋሚ ሲወጣ ቅንጣቱ ኖይዝ ሪዳክሽን በሚባል ማጣሪያ ተጠርጎ፣ ተዋናዮቹ ሰም የተቀቡ መስለው ነበር። ገዢው በሰፊው ተቃወመ።

መልስ 25

ጉዳዩን ከፍ አደረገው። የፊልሙ ባለቤት ማን ነው? «ዘ ፍሬንች ኮኔክሽን» በ2009 በብሉሬይ ሲወጣ ዳይሬክተሩ ዊሊያም ፍሪድኪን ራሱ ቀለሙን ቀየረው። ፊልሙን የቀረጸው ኦወን ሮይዝማን በአደባባይ ተቃወመ። በ2012 ሌላ ቅጂ ወጣ፣ ወደ ድሮው ቀለም የቀረበ። ያኔ ሁለቱም በሕይወት ነበሩ፤ እነሱ ካልተስማሙ፣ ሠሪዎቹ የሞቱበት ፊልምስ?

መልስ 26

ይሄንን እኔ ነኝ የመለስኩት። ራይ ከሞተ ቆይቷል። ካሜራውን የያዘው ሱብራታ ሚትራም በ2001 አርፏል። ሚትራ «ፓተር ፓንቻሊ»ን ሲጀምር ሃያ አንድ ዓመት ገደማ ልጅ ነበር፣ ከዚያ በፊት የፊልም ካሜራ ነክቶ አያውቅም። ዛሬ ይሄ ጥላ ይህን ያህል ይጥቆር፣ ይህ ሰማይ ይህን ያህል ይንጣ ብለን የምንጠይቀው ሰው የለም። የቀረን ምስክር ኔጋቲቩ ነው፣ እሱም ከግማሽ በላይ አካሉ ከጥቅም ውጪ ሆኗል። ስለዚህ የሚያድሰው ሰው እጅ በጣም መጠንቀቅ አለበት። አቧራው የጊዜ ነው፣ ይነሳ። ጭረቱ የጊዜ ነው፣ ይነሳ። ቅንጣቱ ግን ሚትራ ያነሳው ነው። ብዙ አስቤበት ነው ይሄን የጻፍኩት፣ አሁንም አልለወጥኩም።

መልስ 27

የመድረኩ ኃላፊ ነው። ኋላ ተመልሶ ይሄንኑ መልሱን ሲያስተካክል፣ ከሥሩ የመጡትን ስድብ የገባባቸው ሁለት መልሶች እንዳነሳ፣ ከደገሙ ክሩን እንደሚዘጋ አስጠነቀቀ። 28 እና 29 የሌሉት ለዚህ ነው።

መልስ 30

የእሱ ማጫወቻ ዲስኩን አልቀበል ስላለው ሰው። መልሱ ቀላል ነው። ብሉሬይ በዓለም ክልል ተከፋፍሎ ነው የሚሸጠው፤ የአሜሪካው ዲስክ የኤ ክልል ነው፤ የቢ ወይም የሲ ማጫወቻ አይከፍተውም። ከመግዛታችሁ በፊት ጀርባውን እዩ። ሕንድ ራሷ የሲ ክልል ናት፣ ይሄ ያናድዳል።

መልስ 31

ይሄኛው ስለ ግርጌ ጽሑፉ ነው። ቤንጋሊ ይሰማል። አፑ እህቱን ዲዲ እያለ ነው የሚጠራት። እንግሊዝኛው ወይ ስሟን ያስገባል ወይ ይዘለዋል። እኔ ወዲያው እትዬ ነው የመጣልኝ። ታላቅነቷም ፍቅሩም በአንድ ቃል። እንግሊዝኛው ያጣውን እኛ በቋንቋችን እናገኘዋለን፤ ፊልሙን በአማርኛ የግርጌ ጽሑፍ ማየት እንዴት እንደተመኘሁ።

መልስ 32

ለልጁ የተጻፈ ነው፣ በደግ ቃል። ቀለም መቀባት ከፈለገ አንድ ትዕይንት እንዲተውለት ለመነው፤ አፑና ዱርጋ ባቡር የሚያዩበትን የካሽ አበባ ሜዳ። ታሪኩን ራይ ራሱ ተናግሮታል። በ1952 ከሁሉ በፊት የቀረጹት ያንን ሜዳ ነበር። አንድ ቀን ሠርተው በሳምንቱ ሲመለሱ አበባው የለም። ከብት ግጦታል። እንደገና እስኪያብብ ዓመት መጠበቅ ነበረባቸው። ገንዘብም እያለቀ ነበር፤ ራይ የሕይወት ኢንሹራንሱንና የባለቤቱን ጌጣጌጥ አስይዟል። ሥራው ሦስት ዓመት ገደማ ፈጀ። ነጩን አበባ ነጭ አድርገው ለማግኘት ዓመት የጠበቁ ሰዎች ናቸው።

መልስ 33 እስከ 37

ሰው ሁሉ እንዲታደስለት የሚፈልገውን ፊልም መዘርዘር ጀመረ። ጥሩ ዝርዝር ነው፣ ግን ራሱን የቻለ ክር ይፈልጋል። 36ኛው ዲስክ ጊዜው አልፎበታል፣ በኢንተርኔት ማየት ይበቃል አለ። 37ኛዋ በኢንተርኔት ሲመጣ ምስሉ ስለሚታመቅ ግሬኑ ወደ ካሬ ካሬ እንደሚለወጥ ነገረችው። ሞክሬው አይቻለሁ። ሰማዩ ላይ የሚርመሰመሰው አሸዋ ሳይሆን የተሰባበረ ሸክላ ነው የሚመስለው።

መልስ 38

ሰባተኛው ተመልሶ መጣ። ሐሳቡን አልቀየረም። ግን የዲስኩ ጀርባ ላይ የትኛው ክፍል ከምን እንደተሠራ በግልጽ ቢጻፍ ቅሬታ እንደማይኖረው አስታወቀ። በዚህ ሙሉ በሙሉ እስማማለሁ። ሊያሳፍር ቀርቶ ሊኮራበት የሚገባ ነገር ነው።

መልስ 39

ልጁ ነው። አልጠበቅኩትም ነበር። የራሱን ቅጂ ትቶ፣ የቴሌቪዥኑን ማለስለሻ ሁሉ አጥፍቶ ሁለተኛውን ፊልም «አፓራጂቶ»ን ከዲስኩ ላይ እንዳየ ጻፈ። ስለ ቀለምም ስለ 60 ፍሬምም አላነሳም። አንድ ነገር ብቻ ጠየቀ። ቤተሰቡ ቤናሬስ ከተማ በሚኖርበት ቤት ግቢው ውስጥ ሰዎቹ ሲንቀሳቀሱ ግድግዳው ላይ ደረቅ ጥላ አይወድቅም። ብርሃኑ ከየት እንደሚመጣ አይታወቅም። ይሄ ዲስኩ ነው ወይስ ፊልሙ?

መልስ 40

ጋሼ መለሱለት። ያ ግቢ ቤናሬስ አይደለም፣ ካልካታ ስቱዲዮ ውስጥ የተሠራ ነው። ሚትራ የደመናን ቀን ብርሃን ፈለገ። ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጠረ፣ መብራቶቹን ከታች ወደ ጨርቁ አዞራቸው። ብርሃኑ ጨርቁን መትቶ ነው ተበትኖ የሚወርደው። ጥላ የሌለው ለዚህ ነው። ልጁ ከሥሩ ምስጋናውን አስቀመጠና ያንን ግድግዳ እንደገና ሊያየው ተመልሶ ሄደ።